አውሮፕላን ያላቋረጠው ቀረጻ

አውሮፕላን በላያችን አለፈ፤ ማንም አላስቆመኝም። ነገሩ ሁሉ የጀመረው ከዚያ ነው።

በእኛ ሥራ ውስጥ ያልኖረ ሰው ይሄ ምን እንደሚያስደነግጥ አይገባውም። ቀረጻ ላይ ሆነን አውሮፕላን ካለፈ፣ ውሻ ከጮኸ፣ ጎረቤት ቤት ሚስማር ከተመታ የድምፅ ባለሙያው እጁን ያነሳል፤ ሁላችንም ባለንበት ቀጥ እንላለን። እንባዬ ጉንጬ ላይ ደርሶ ቢሆን እንኳ እንደገና ከመጀመሪያው ነው። የእኛን የድምፅ ባለሙያ "ጆሮ ጠቢው" ነው የምንለው። ሁለት ክፍል አልፎ የሚንጠባጠብ ቧንቧ ሰምቶ ቀረጻ ያስቆመ ሰው ነው። በአሥራ አንድ ዓመት ውስጥ የአንገት ሐብሌን "ይንኳኳል" ብሎ ስንት ጊዜ እንዳስወለቀኝ እሱና ፈጣሪ ናቸው የሚያውቁት።

ያን ቀን ልጇ የጻፈላትን ደብዳቤ የምታነብ እናት ሆኜ መስኮት ሥር ተቀምጫለሁ። አውሮፕላኑ ጣሪያውን እያንቀጠቀጠ ሲያልፍ ጆሮ ጠቢው ማዳመጫውን አንገቱ ላይ አንጠልጥሎ ጥፍሩን ያያል። እኔ ቃሌን ጨረስኩ። ዳይሬክተሩ "ከት! ቆንጆ ነው፣ ወደ ቀጣዩ" አለ።

ቆንጆ? የእኔን ቃል ከአውሮፕላኑ ለይቶ የሰማው በየትኛው ጆሮው ነው?

ሰው መጠርጠር ሥራዬ ነው። ሠላሳ አራት ዓመት ሙሉ አስመስዬ የኖርኩ ሴት ነኝ፤ ሌላው ሲያስመስል እኔ ካላወቅሁ ማን ሊያውቅ ነው? እዚያው መስኮት ሥር እንደተቀመጥኩ አሰላሁት። ድምፁ የተበላሸ ትዕይንት አይተላለፍም። ድምፁ እንደተበላሸ እያወቁ ዝም ካሉ ትዕይንቱን አይፈልጉትም። ትዕይንቴን ካልፈለጉት እኔን አይፈልጉኝም። ስለዚህ ሊገድሉኝ ነው።

ሊገድሉኝ ስል በድራማው ውስጥ ማለቴ ነው። ለእኔ ግን ልዩነቱ ትንሽ ነው።

በሃያ ሁለት ዓመቴ ነው መድረክ ላይ የወጣሁት። መጀመሪያ ትሪ ይዛ የምትገባ ሠራተኛ፣ ቀጥሎ ሙሽራ፣ ቀጥሎ ክፉ የእንጀራ እናት ሆንኩ። ስምንት ፊልም ሠራሁ። በአንድ ጊዜ ቀረጻ ጨርሳ የምትሄድ፣ ድገሚ የማትባል ተዋናይ እየተባልኩ ስሜ ተነሳ። ከዚያ ይሄ የቴሌቪዥን ድራማ መጣና የአራት ልጆች እናት አደረገኝ። ከዚያ ወዲህ መንገድ ላይ በስሜ የጠራኝ ሰው የለም፤ ሁሉም "እናታችን" ነው የሚለኝ። አንዴማ ሚስቱን ጥሎ ሊሄድ የተነሳ ጎረምሳ ይዘው "ምከሪልን" ብለው ቤቴ ድረስ መጥተዋል። መከርኩት፤ ምን ላድርግ?

ባሌ ካረፈ ቆይቷል። የቀሩኝ ሥራዬና አንዲት ልጄ ናቸው። ልጄ ሠላሳ ስድስት ዓመቷ ነው፤ ፋርማሲ ውስጥ ትሠራለች፣ አብራኝ ትኖራለች፣ ነገር አታበዛም። ሥራው ከእጄ ከወጣ ጠዋት ምን ብዬ ከአልጋ እንደምወርድ አላውቅም። ለማንም ተናግሬው አላውቅም እንጂ እውነቱ ይሄ ነው።

አምና ደግሞ አንገቴ ላይ እብጠት ወጥቶ በቀዶ ሕክምና አወጡልኝ። ሐኪሙ "የድምፅሽ ነርቭ ትንሽ ተነክቷል፤ ጊዜ ይፈልጋል" አለኝ። ጊዜ ሰጠሁት። ከሦስት ወር በኋላ የወጣልኝ ድምፅ በበር ሥር የሚገባ ንፋስ ነበር። ወደ ቀረጻ የተመለስኩ ቀን ከበሩ ሁለት ጊዜ ተመልሼ ነው የገባሁት። የመጀመሪያውን ትዕይንት እንደጨረስኩ ጆሮ ጠቢውን አየሁት፤ አውራ ጣቱን አነሳልኝ። ዳይሬክተሩ "እትዬ፣ እንዲያውም ለእናትየዋ ዕድሜ ጨመረላት፤ በጣም ነው የሚሄድላት" አለኝ። እኔ እንዴት አደርሽ ሲሉኝ እንኳ ምን ፈልገው ነው የምል ሴት፣ ሙገሳው ሲመጣ በሩን ወለል አድርጌ ከፈትኩለት። አመንኩ። ማመን ፈልጌ ነበራ!

"ቴሌቪዥን ከፍተሽ ራስሽን አትሰሚም ወይ?" እንዳትሉኝ። እኔ ራሴን አላይም። የመጀመሪያ ፊልሜን ሲኒማ ቤት ገብቼ ሳየው ቀኝ እጄ ገመድ ላይ እንደተሰጣ ካልሲ ተንጠልጥሎ አየሁት። ከዚያ በኋላ ስድስት ወር ሙሉ መድረክ ላይ ስወጣ የማስበው ስለ ቃሌ ሳይሆን ስለ እጄ ሆነ፤ ሥራዬን ከማጣት ለጥቂት ነው የተረፍኩት። ያኔ ማልኩ። ይኸው ሠላሳ ዓመት አለፈ፣ የራሴን አንድ ትዕይንት አይቼ አላውቅም። ድራማው እሁድ ከሰዓት በኋላ ሲተላለፍ እኔ ወጥ ቤት ገብቼ በሩን ዘግቼ ሽንኩርት እከትፋለሁ። ልጄ ክፍሏ ውስጥ ማዳመጫ ሰክታ በስልኳ ታያለች። የቤታችን ሥርዓት ነው፤ ተወያይተንበት አናውቅም።

ከአውሮፕላኑ በኋላ ግን ዓይኔን ገለጥኩ። በማግሥቱ ሆን ብዬ ሦስት ሐብል ደርድሬ ሄድኩ፤ በተነቃነቅሁ ቁጥር እንሿሿለሁ። ጆሮ ጠቢው ዝም።

"አይንኳኳም?" አልኩት።

"ኧረ ያምርብሻል" አለኝ።

ያምርብሻል! አሥራ አንድ ዓመት አምሮብኝ የማያውቅ ሐብል ዛሬ ምን አግኝቶ ነው?

ቀቢዋን ያዝኳት። ቀቢዋ የምላት ፊቴን የምታሰናዳውን ልጅ ነው። እኛ ተዋንያን የየራሳችን ገጽ ብቻ ነው የሚሰጠን፤ የድራማው መጨረሻ እንዳይወጣ ነው አሉ። ቀቢዋ ግን ቁስልም፣ እርግዝናም፣ ሞትም ቀድሞ የሚነገራት ሰው ናት፤ መዘጋጀት አለባታ።

"የሚቀጥለው ወር ምን ተባልሽ?" አልኳት።

"እኔ ምን አውቃለሁ እትዬ? እስቲ ዓይንዎን ይጨፍኑልኝ" ብላ ብሩሹን አመጣችው። ልብ በሉ፤ ዓይኔን አስጨፍና ነው የመለሰችልኝ።

በዚያው ሳምንት አልጋ ላይ አስተኝተው ቀረጹኝ። አንዴ ከላይ፣ አንዴ ከጎን፣ አንዴ ከበሩ በኩል። ዳይሬክተሩ "እትዬ፣ ትንፋሽዎን ትንሽ ያዝ ያድርጉት" አለኝ።

"ይሄ እንቅልፍ ነው ወይስ ሬሳ?"

"እንቅልፍ ነው እትዬ። ትልቋ ልጅዎ ሲተኙ ታይዎታለች።"

"ለእንቅልፍ ይሄ ሁሉ ዱቄት ፊቴ ላይ ምን ይሠራል?"

ሁሉም ሳቁ። ሳቃቸው አንድ ላይ ጀምሮ አንድ ላይ አለቀ። እኔ ደግሞ እውነተኛ ሳቅ እንደዚያ እንደማያልቅ አውቃለሁ፤ አስተምሬበታለሁ።

የሰፈሩ ፍራፍሬ ሻጭ ሳይቀር "እናታችን፣ ጉንፋን ነው እንዴ? እሁድ እኮ ደህና ነበሩ" ይለኛል። "አዎ፣ ጉንፋን ነው" ብዬ ብርቱካኔን ይዤ እሄዳለሁ። ባንክ ቤት ያለችውም እንደዚያው፤ የታክሲ ሾፌሩም እንደዚያው። ዓመት ሙሉ ጉንፋን! አገር ምድሩን የምጠረጥር ሴት ይቺን አንዲት ጥያቄ ግን አልጠረጠርኳትም። ደግ ሕዝብ ነው ብዬ አለፍኳት።

ቀጥዬ የጠረጠርኩት ልጄን ነው።

ዓርብ ዓርብ ማታ ልጄ አታወራም። አንገቷን በሻርፕ ትጠመጥማለች፣ ለብ ያለ ውኃ በማር ትጠጣለች፣ ጥያቄ ስጠይቃት ራሷን በመነቅነቅ ትመልሳለች። ቅዳሜ ጠዋት "ትርፍ ሰዓት አለብኝ" ብላ ትወጣለች፤ ከሰዓት ደክሟት ትመለሳለች። እኔም ወንድ አግኝታ ይሆናል ብዬ ደስ ብሎኝ ነበር። አንድ ቅዳሜ ግን ኪኒኔ አለቀብኝና ፋርማሲዋ ድረስ ሄድኩ። የሥራ ባልደረባዋ መነጽሯን ከፍ አድርጋ አየችኝና "ውይ እናታችን፣ እሷ ቅዳሜ ቅዳሜ አትገባም እኮ! ዓመት ሊሆናት ነው" አለችኝ።

"እሱማ አውቃለሁ፤ ረስቼው ነው" አልኩ። ኪኒኔን ሳልቀበል ወጣሁ።

ልጄ ስትመለስ "ሥራ እንዴት ነበር?" አልኳት።

"ሰው በዝቶ ነበር" አለች፣ ጫማዋን እያወለቀች። ፊቷ ላይ ጥላ እንኳ አላለፈም።

ሌሊቱን እንቅልፍ በዓይኔ አልዞረም። ጠዋት ገላዋን ስትታጠብ ቦርሳዋን ፈተሽኩ። አላፈርኩም፤ ያኔ ማለቴ ነው። ከመድኃኒት መጽሐፏ ሥር የእኔን ገጾች አገኘሁ። የእኔን፣ ለእኔ ብቻ የተሰጡኝን የእናትየዋን ገጾች! ፎቶ ኮፒ ናቸው። በቃላቱ መሀል በእርሳስ ሰረዝ ሰረዝ ተደርጓል። ዳር ላይ በልጄ ጽሑፍ "እዚህ ምራቋን ትውጣለች" ይላል። ዝቅ ብሎ "ትንፋሽ የለም፤ በአንድ ጊዜ"። ሌላ ቦታ "ፊቷን ወደ መስኮት ታዞራለች"። ሌባ የሚገባበትን ቤት እንደሚያጠና ልጄ እኔን አጥንታኛለች። የሚገድሉኝ ለካ የሚተካኝ ስላገኙ ነው!

ያልታረቅንበት ነገር አለ። በአሥራ ዘጠኝ ዓመቷ "እማዬ፣ እኔም ተዋናይ መሆን እፈልጋለሁ" ብላኝ ነበር። ወጥ ቤቱ በር ላይ አቁሜ አንድ ገጽ አስጠናኋትና በይ ሥሪው አልኳት። ድምፅዋ የእኔ ድምፅ ነው፤ ስልክ ስታነሳ ሰው እኔ መስላው ምስጢር ያወራላት ነበር። ጨርሳ ስታየኝ "ድምፅሽ ይሁን። ፊትሽ ግን ምንም አይናገርም፤ ካሜራ ደግሞ የሚፈልገው ፊት ነው" አልኳት። "እሺ" አለች። ሳህኖቹን አጠበች። በዓመቱ የፋርማሲ ትምህርት ገባች፤ ወሬውንም ዳግመኛ አላነሳችውም። እውነቱን ነገርኳት እያልኩ ራሴን ሳሞግስ ኖሬያለሁ። ግማሹ ግን እውነት አልነበረም፤ ፍርሃት ነበር። አንድ ቤት ውስጥ ያ ድምፅ ከሁለት ሰው እንዲወጣ አልፈለግሁም። እና አሥራ ሰባት ዓመት ሙሉ ቂሟን ስጠብቅ ኖሬ ይኸው መጣ አልኩ።

በሚቀጥለው ቅዳሜ ተከተልኳት። ሻርፕ አናቴ ላይ ጠምጥሜ፣ ጥቁር መነጽር አድርጌ፣ እሷ ነጭ መኪና ውስጥ ስትገባ እኔ ታክሲ ይዤ "ያንን ነጭ መኪና ተከተል" አልኩት ሾፌሩን። ሾፌሩ በመስታወቱ አየኝና "እናታችን፣ ጉንፋኑ እስካሁን አልለቀቀዎትም?" አለኝ። ተዋናይ ነኝ ስትሉ እንደዚህ ነው የምትደበቁት!

የወረደችበት ቤት የቤት ዕቃ መደብር ነው፤ ከላዩ ሦስተኛ ፎቅ ላይ የድራማችን የድምፅ ስቱዲዮ አለ። አንድ ጊዜ እንኳ ወጥቼበት አላውቅም፤ ምን ሊሠራልኝ? እኔ ቃሌን ቀረጻ ላይ ጨርሼ የምሄድ ሴት ነኝ። ደረጃውን ትንፋሽ እየቆረጠኝ ወጣሁት። ኮሪደሩ መጨረሻ ላይ ቀይ አምፖል በርቷል። ከጎኑ ያለው የጆሮ ጠቢው ክፍል በር ለሙቀቱ ይመስላል ገርበብ ብሏል።

ድምፄን ሰማሁ።

"ልጄ፣ የጻፍክልኝን እኔ በልቤ አውቀዋለሁ፤ የማነበው ዓይኔ እንዲያርፍበት ነው" ይላል። የድሮው ድምፄ ነው፤ ከቀዶ ሕክምናው በፊት የነበረው፣ ሙሉው፣ ከሆድ የሚነሳው። የድሮ ቀረጻ ከፍተው ነው ብዬ አሰብኩ። ግን ይሄን ቃል ድሮ ተናግሬው አላውቅም። የተናገርኩት በቀደም ነው፣ አውሮፕላኑ ያለፈ ቀን፣ በዚያ በንፋስ ድምፄ።

በበሩ ክፍተት አጮለቅሁ። ጆሮ ጠቢው ጀርባውን ሰጥቶኛል። ከፊቱ ስክሪን ላይ እኔ አለሁ። በሠላሳ ዓመት ውስጥ ራሴን ሳይ የመጀመሪያዬ ነው፤ አርጅቻለሁ፣ ደህና አድርጌ አርጅቻለሁ። ከስክሪኑ ባሻገር መስታወት አለ። ከመስታወቱ ኋላ ልጄ በካልሲ ቆማለች፤ ወለሉ እንዳይጮህ ጫማዋን በሩ ሥር አውልቃለች። አንድ እጇ ጉሮሮዋ ላይ ነው። እኔ ስክሪኑ ላይ አፌን እከፍታለሁ፣ ድምፁ ከእሷ ይወጣል።

"ከንፈሯ ቀደመሽ፤ 'በልቤ' የሚለው ላይ ፈጥናለች" አላት ጆሮ ጠቢው።

"እዚያ ላይ ትንፋሽ አትወስድም። የተናደደች ቀን እንደዚያ ነው የምትናገረው፤ ጠዋት ከእኔ ጋር ተጣልታ ነበር የወጣችው" አለች ልጄ። "ድገምልኝ።"

ደገሙት። አልገጠመም። ሰባት ጊዜ ደገሙት፤ ቆጥሬያለሁ። በስምንተኛው ሲገጥም ልጄ ወንበር ላይ ቁጭ አለችና ከፍላስኳ ውኃ ቀዳች።

"ለምን አትነግሪያትም?" አላት። "ይሄን ሁሉ ተሸክመሽ ዓመት ሞላሽ። አምና መጥተሽ ዳይሬክተሩን ባትለምኚው እናትየዋን ሊገድላት ወስኖ ነበር፤ ይሄንንስ ማወቅ የለባትም?"

"ከነገርኳት በማግሥቱ ትተወዋለች። ኩራቷን አታውቀውም? ከተወችው ደግሞ ቤት ቁጭ ብላ ግድግዳ ነው የምታየው። እማዬ ጠዋት የምትነሳው ለዚህ ሥራ ብላ ነው።"

ለማንም ያልተናገርኩት ነገር!

"አንቺስ? ስምሽ እንኳ የለበትም።"

"እኔ ፊቴ ምንም አይናገርም" አለችና ሳቀች። "ያለኝ ድምፅ ነው፤ ይኸው ለእናቴ ሆነ። በል ቀጥል።"

ደረጃው ላይ ተቀመጥኩ። መጀመሪያ የመጣብኝ ንዴት ነው፤ አልዋሽም። ጆሮ ጠቢው ያውቃል፣ ዳይሬክተሩ ያውቃል፣ ቀቢዋም ታውቃለች፤ ለማስመሰል አንዳንዴ ቀረጻ እያስቆሙ፣ ዓመት ሙሉ ባዶ አፌን ሳንቀሳቅስ ሲያዩኝ ከርመዋል። ፊቴ በእፍረት ጋለ። ንዴቱ ሲበርድልኝ ግን የቀረው ያ ሳቋ ነው። ወጥ ቤት በር ላይ የወረወርኩላትን ቃል አሥራ ሰባት ዓመት ይዛው ኖራ፣ አሁን በቀልድ ትናገረዋለች። አለቀስኩ። ሻርፔን አፌ ላይ ይዤ ነው ያለቀስኩት፤ ጆሮ ጠቢው ይሰማል።

ቤት ቀድሜያት ገባሁ። ስትመጣ "ሰው በዝቶ ነበር" አለችኝ እንደ ልማዷ፣ ጫማዋን እያወለቀች። አፍጥጬ አየኋት። ምንም። ዓይኗ አልሸሸም፣ አንገቷ አልቀላም። ሰው ሲያስመስል ከማንም ቀድሜ አውቃለሁ የምለዋን ሴት፣ በአንድ ጠረጴዛ እየበላች፣ ዓመት ሙሉ ሸውዳኛለች! በሠላሳ አራት ዓመት ሥራዬ እንደዚህ ያለ ትወና ከማንም ጋር ቆሜ አላየሁም።

ማክሰኞ ቀረጻ ነበረን። ቃሌን ቀስ አድርጌ ተናገርኩ፤ ከንፈሬ በደንብ ይከፈታል፣ በደንብ ይዘጋል። ትንፋሽ የምወስድበት ቦታ ላይ ትከሻዬን ከፍ አደርጋለሁ፣ ከሩቅ እንዲታይ። ከባድ ቃል ሲመጣ ወደ መስኮቱ ዞር እላለሁ። ጆሮ ጠቢው መጀመሪያ ጥፍሩን ሲያይ ነበር፤ ኋላ ቀና አለ። ሲያበቃ ወደ እኔ መጣ።

"ምነው ዛሬ ቀስ አልሽ?"

"ሰባት ጊዜ መደጋገም ጉሮሮ ይጎዳል" አልኩት።

ማዳመጫውን ከአንገቱ አወለቀ።

"ለልጄ ትንፍሽ ብትል ወዮልህ! የምነግራት እኔ ነኝ" አልኩት።

"ኧረ እኔ ምን አገባኝ" አለ። ዓይኑ ግን እርጥብ ነበር፤ ይሄኛውን አልጠረጠርኩትም።

በዚያው ዳይሬክተሩ ክፍል ገባሁ። ሳልቀመጥ "የልጄ ስም መጨረሻ ላይ እንዲወጣ እፈልጋለሁ፤ ከስሜ ቀጥሎ፣ የእናትየዋ ድምፅ ተብሎ" አልኩት። ቡናማ ወንበሩ ላይ እንዳለ የፊቱ ቀለም ተለዋወጠ።

"እትዬ... ማን ነገረዎት? ደግሞስ ሕዝቡ ምን ይላል? የሚጎዳው የእርስዎ ስም እኮ ነው። ሠላሳ ዓመት የተወደደ ድምፅ..."

"ወይ ስሟን ትጽፋለህ፣ ወይ ያንን እንቅልፍ ያልከውን ቀረጻ አውጥተህ ቅበረኝ።"

"እሱን ደግሞ እንዴት አወቁት? ለክፉ ቀን ብለን እኮ ነው ያስቀመጥነው" አለ፣ አምልጦት። አያችሁ? ሬሳ ነበር! ሁሉንም ነገር አልተሳሳትኩም።

እሺ አለኝ። ቶሎ ነው እሺ ያለው፤ ምን አስቦ እንደሆነ እስካሁን አላውቅም፤ እከታተለዋለሁ።

እሁድ ከሰዓት ሽንኩርቱን ግማሹን ከትፌ ቢላዋውን አስቀመጥኩ። ሳሎን ገብቼ ቴሌቪዥኑን ከፈትኩና ሶፋው ላይ ተቀመጥኩ። ልጄ ከክፍሏ ማዳመጫዋን በአንገቷ አንጠልጥላ ወጣች።

"እማዬ? ምን ሆነሻል?"

"ምንም። ልይ ብዬ ነው።"

"አንቺ? አንቺ እኮ አታዪም! ሌላ ቻናል..."

"ቁጭ በይ።"

ቁጭ አለች፣ ጫፉ ላይ። ትራሱን እቅፏ ውስጥ አስገብታ ጨመቀችው። መስኮቱ መጣ፣ ደብዳቤው መጣ፣ ፊቴ መጣ። ቀኝ እጄ እንደዚያው ተንጠልጥሏል፤ ሠላሳ ዓመት አልተሻለውም። ከዚያ አፌ ተከፈተና ድምፅዋ ቤቱን ሞላው። አውሮፕላን የለም፣ የሐብል ኳኳታ የለም። "በልቤ" የሚለው ገጥሟል፤ ትንፋሽ ሳይወሰድ፣ እንደ ተናደደች ሴት። ጎኔ ያለችው ልጄ መተንፈስ አቁማለች።

ሙዚቃው ጀመረና ስሞች መውጣት ያዙ። ሪሞቱን ልታነሳ እጇን ዘረጋች።

"ተይው፤ አላለቀም።"

ስሜ ወጣ። ከሥሩ "የእናት ድምፅ" የሚል ወጣ፤ ከአጠገቡ የልጄ ስም ከነአባቷ። እኔ ቴሌቪዥኑን አላየሁም። እሷን ነው ያየሁት። ያን ፊት ልነግራችሁ አልችልም። መጀመሪያ ፈራ፣ ከዚያ እኔን ፈለገ፣ ከዚያ የአሥራ ዘጠኝ ዓመት ልጅ ሆነ፤ አገጩ ተንቀጠቀጠ፣ ሊስቅም ሊያለቅስም ሆኖ አንዱንም ሳይመርጥ ቀረ።

"ተሳስቼ ነበር፤ ፊትሽ ይናገራል" አልኳት።

ሙዚቃው ዋጠው። የእኔ ድምፅ አሁን ሙዚቃ የሚችል አይደለም። ልጄ ሪሞቱን አነሳችና ቴሌቪዥኑን ጸጥ አደረገችው።

"አልሰማሁሽም እማዬ" አለች። "ድገሚው።"

ድገሚ ተብዬ የማላውቅ ሴት ነኝ። ደገምኩላት።